ጋሽ ሰረዝ የሰረዛት አ

ማተሚያ ቤቱ ውስጥ እሱን በስሙ የሚጠራው ደመወዝ ከፋዩ ብቻ ነበር። ለሌላው ሁሉ «ጋሽ ሰረዝ» ነው። ስሙን ያወጡለት ፊደል ለቃሚዎቹ ሲሆኑ፣ እውነቱን ለመናገር አልተሳሳቱም፤ ነጠላ ሰረዝ የጎደለበት ዓረፍተ ነገር ካየ ምሳው ከጉሮሮው አይወርድም፣ ቀይ እስክሪብቶ ከያዘ ደግሞ ሳይሰርዝ የሚያልፈው ገጽ የለም። የሠርግ ጥሪ ሲደርሰው «እንኳን ደስ ያላችሁ» ከማለቱ በፊት የሙሽራዋን ስም ያርማል። የሞት ማስታወቂያም ቢሆን መጀመሪያ ፊደሉን ያጣራል፣ ከዚያ በኋላ ነው የሚደነግጠው።

ሥራው አራሚነት ነው፤ ጽሑፍ ማሽን ውስጥ ከመግባቱ በፊት ስሕተቱን መልቀም። ሁለት ሕግ ነበረው። የመጀመሪያው «ጥቂት ንካ» ነው፤ አንድ ስሕተት በሁለት መንገድ የሚቃና ከሆነ ጥቂት ፊደል የሚነካውን መምረጥ። ይህ ልማድ ፊደል ከእርሳስ ብረት ተቀርጾ አንድ በአንድ በእጅ በሚደረደርበት ዘመን ለቃሚዎቹን ከብዙ ድካም አድኗቸዋል። ኮምፒዩተር ከመጣ በኋላ ማንንም አያድንም ነበር፣ እሱ ግን አልተወውም። ሁለተኛው «ሠንጠረዥ የኔ አይደለም» የሚል ነው። ከጎኑ ቁጥር ብቻ የሚያነብ ሌላ ሠራተኛ ስለሚቀመጥ፣ ቁጥር የሞላበት ገጽ ሲመጣ ርዕሱን ያርምና ሌላውን ሳያይ ወደዚያ ይገፋዋል። በነዚህ ሁለት ሕጎች ሃያ አራት ዓመት ታፍሮና ተከብሮ ሠራ። ጉዱ የፈላው ቤት ልግዛ ያለ ቀን ነው።

ቤቱ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ያለ፣ ሁለት መኝታ ክፍልና፣ ሁለት ወንበር ብቻ የምታስቀምጥ አንዲት በረንዳ ያለው ነው። ከኪራይ ቤት ኪራይ ቤት ዕቃ ሲያግዙ ለኖሩ ባልና ሚስት ግን ቤተ መንግሥት ነበር። ባንኩ በሃያ ዓመት የሚከፈል ስምንት መቶ ሺህ ሊያበድራቸው ተስማማ፤ ካልከፈሉ ቤቱን ይወስዳል። የብድር ክፍሏ ሠራተኛ አሥራ አራት ገጽ ውል ዘርግታ «እዚህ፣ እዚህ፣ እዚህም ይፈርሙልኝ» ስትል፣ ጋሽ ሰረዝ እስክሪብቶውን መልሶ ኪሱ ከተተው።

«ወስጄ አንብቤው ልምጣ» አላት።

ሦስት ቀን አነበበው። አርባ ሦስት ስሕተት አገኘ። በአልፋው አ «እዳ» ተብሎ የተጻፈውን ሁሉ በዐይኑ ዐ «ዕዳ» አደረገው። አንቀጽ አሥራ አንድ ላይ ሲደርስ ግን ቆመ። እንዲህ ይላል፦ «ተበዳሪው ዕዳውን ከጊዜው አስቀድሞ ከከፈለ፣ በሚከፍለው ላይ አምስት በመቶ ቅጣት አይኖርበታል።» አይኖርበታል! ወይ «ይኖርበታል» አላለ፣ ወይ «አይኖርበትም» አላለ፣ መሐል መንገድ ላይ የቀረ ቃል። «አይኖርበትም» ለማድረግ መጨረሻው ላይ ሁለት ፊደል መቀየር ያስፈልጋል። «ይኖርበታል» ለማድረግ አንዲቷን አ መሰረዝ ይበቃል። ሰረዛት።

ባለቤቱ ልብስ ሰፊ ናት። ከስፌት መኪናዋ ላይ ቀና ብላ «እና ለእኛ የሚጠቅመንን አትመርጥም?» አለችው።

«የሚጠቅመኝን ከመረጥኩማ አራሚነቴ ቀርቶ ነገረ ፈጅ ሆንኩ! ደግሞስ ማን ነው ዕዳውን ከጊዜው በፊት የሚከፍል?»

ከውሉ ኋላ ሦስት ገጽ አባሪ ነበር፤ ከላይ እስከ ታች ቁጥር። «ሰንጠረዥ» የሚለውን ርዕስ «ሠንጠረዥ» አድርጎ አረመና፣ ከጎኑ የሚገፋለት ሰው ባይኖርም፣ ገፋው።

ባንኩ ተደነቀ። ኃላፊው ከቢሮው ወጥቶ ጨበጠው፤ «ከእንግዲህ ለደንበኛ ሁሉ የምንሰጠው ውል ይኸው እርስዎ ያረሙት ይሆናል» አለው። ጋሽ ሰረዝ ደረቱ ተነፋ። በደንብ ተጽፎ የመጣውን ውል ሊፈርም ጎንበስ ሲል ባለቤቱ ክንዱን ነካ አደረገችው። ጨርቅ ከመቁረጧ በፊት ጠቅላላ ስንት ሜትር እንደሚፈጅ ካላወቀች መቀስ አታነሣም።

«እኔ የምለው፣ በጠቅላላ ስንት ነው የምንከፍለው?»

«ስምንት መቶ ሺህ ነዋ! በፊደልም በአኀዝም ተጽፏል።»

«ከነወለዱ ማለቴ ነው።»

«ወለዱማ አሥራ ሁለት በመቶ፣ የወሩ ክፍያ ስምንት ሺህ ስምንት መቶ ዘጠኝ። አንቺ ደግሞ፣ በሰው ፊት!»

ሠራተኛዋ ዝግ ባለ ድምፅ «ጠቅላላው አባሪው ላይ አለ» አለች። ጋሽ ሰረዝ እጁን አወዛወዘ። «ይህን ውል ከእኔ በላይ ያነበበ የለም። አንዲት ፊደል አምልጣኝ ከሆነ ዓይኔን ግንባር ያድርገው!» አለና ፈረመ። ፊደል እንኳ አላመለጠውም። ያመለጠው ቁጥሩ ነው፣ በቁጥር ደግሞ አልማለም።

አሥር ዓመት ሙሉ አንድ ወር ሳያጓድል ከፈለ። ይህን ታሪክ ያልሰማ የሥራ ባልደረባ፣ ያልሰማ ጎረቤት አልነበረም፤ ባንክን ያረመ ሰው! የቀረውንም ዕዳ በልቡ ያውቀው ነበር። ሃያ ዓመት ስምንት መቶ ሺህ ከሆነ አሥር ዓመት አራት መቶ ሺህ ነው፤ ግማሽ ሄደ፣ ግማሽ ቀረ። ይህን ሒሳብ ማንም አላስተማረውም፣ ከራሱ ነው ያመነጨው።

በአሥረኛው ዓመት ፊደሎች ይደራረቡበት ጀመር። ዐ እና ዑ አልለይ አሉት። የዓይን ሐኪሙ ረጅም ጊዜ መረመረውና እንዲህ አለው፦ «ሁለቱም እየደከሙ ነው። ማቆም አንችልም፣ ማዘግየት እንጂ። ቢበዛ ሦስት ዓመት ነው፤ ከዚያ ብርሃንና ጥላ ነው የሚለዩት። ማየት የሚፈልጉት ነገር ካለ አሁን ይዩ።»

የዚያን ዕለት ማታ ራቱን ሳይነካ ተቀመጠ። ፈርቶ ነበር፤ ሠላሳ አራት ዓመት ሲሠራ እንዲህ ፈርቶ አያውቅም። በመጨረሻ ለሚስቱ «እስከ ዛሬ ዓይኔን ለሰው ስሕተት ሰጠሁት። ባሕር አይተን አናውቅም። የቀረችውን ለባሕርና ለአንቺ ላድርጋት» አላት። እሷም አለቀሰች። ከአባቱ የውርስ ቤት የደረሰው ድርሻ ያን ሰሞን ተሸጦ ነበር። ስንት? አራት መቶ ሺህ! ልክ የቀረውን ዕዳ! በቃ፣ ባንክ ሄደው ይዘጋሉ፣ በማግሥቱ ሥራ ይለቃል፣ የእሷ ስፌት ለሁለት ሰው አያንስም።

ባንክ ቤት የተቀበለቻቸው ሌላ ሠራተኛ ነበረች፣ ወጣት። ቼኩን አየች፣ ኮምፒዩተሯን አየች፣ መልሳ ቼኩን አየች።

«አባቴ፣ የቀረብዎት ስድስት መቶ አሥራ ሦስት ሺህ ዘጠኝ መቶ ሰባ ነው።»

ጋሽ ሰረዝ ሳቀ። «ተሳስተሻል የኔ ልጅ። ከአንድ ሚሊዮን በላይ ከፍያለሁ እኮ!»

«ከፍለዋል፤ አንድ ሚሊዮን ሃምሳ ሰባት ሺህ። ከዕዳው የቀነሰው ግን መቶ ሰማንያ ስድስት ሺሁ ብቻ ነው።» ከማኅደሩ ውስጥ አባሪውን አውጥታ ፊቱ ዘረጋችው። «ሠንጠረዥ» ይላል፣ በንጉሡ ሠ፣ አንድም ግድፈት የለበትም። «የመጀመሪያውን ወር ይዩ። ከስምንት ሺህ ስምንት መቶ ዘጠኝ ውስጥ ስምንቱ ሺህ ወለድ ነው፤ ስምንት መቶ ዘጠኙ ነው ዕዳ የቀነሰው። ወለዱ የሚታሰበው ባልተከፈለው ላይ ስለሆነ፣ መጀመሪያ ላይ ዕዳው ትልቅ ነው፣ ወለዱ ክፍያውን ይበላዋል። እየቆየ ነው ወደ ዕዳው የሚሄደው የሚበዛው።»

ጋሽ ሰረዝ ወረቀቱን ወደ ዓይኑ አስጠጋው፣ አራቀው። ቁጥሩ አልታይ ብሎት አይደለም፤ ጥርት ብሎ ይታየው ነበር።

ባለቤቱ ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አስተካክላ «በጠቅላላ ስንት ነው?» አለች። ይህን ጥያቄ አሥር ዓመት ሙሉ ይዛው ኖራለች።

«ሁለት ሚሊዮን አንድ መቶ አሥራ አራት ሺህ፣ እናቴ።»

«አንድ ቤት ገዝተን የሁለት ቤት ተኩል ልንከፍል ነዋ። ለካ ወለድ ያሉት መውለዱን ስለማያቆም ነው!»

ልጅቷ ቸኩላ የምሥራች ጨመረች። አራት መቶ ሺውን አሁን ቢያስገቡት ሁሉም ከዕዳው ላይ ነው የሚነሣው፤ ወለድ የሚታሰብበት ይቀንሳል፣ አሥሩ ዓመት በሃያ ስምንት ወር ያልቃል። ጋሽ ሰረዝ በጣቱ ቆጠረ። ሐኪሙ የሰጠው ሦስት ዓመት ነው፤ ሃያ ስምንት ወር ቢሠራ ስምንት ወር ይተርፈዋል። ስምንት ወር ለባሕር አያንስም።

«ቆይ ግን» አለች ልጅቷ፣ «አንቀጽ አሥራ አንድ አለ። አስቀድሞ ለሚከፈል አምስት በመቶ ቅጣት አለው፤ ሃያ ሺህ ማለት ነው። ስለዚህ ሠላሳ አንድ ወር ይሆናል።» የሰውየውን ፊት አይታ ልታጽናናው ሞከረች። «ከእርስዎ በፊት የፈረሙት ይህ የለባቸውም፤ ውላቸው ላይ የሆነ የፊደል ስሕተት ነበረ። እንዲያውም አንድ የታክሲ ሾፌር ‹አይ ይላል፣ አይ ማለት አይ ነው!› ብሎ ተሟግቶ ያለ ቅጣት ዘጋ። ከእነሱ በኋላ ለፈረሙት ግን አንድ ጎበዝ አራሚ አስተካክሎልናል።»

ሾፌሩን ጋሽ ሰረዝ ያውቀዋል። ታች ፎቅ የሚኖር ጎረቤቱ ነው፤ ውሉን የፈረመው ከእሱ አንድ ሳምንት ቀድሞ ነው፣ አንድም መስመር ሳያነብ።

ባለቤቱ አየችው። ቼኩን ለልጅቷ ገፋችላት።  ደረጃውን ሲወርዱ ክንዱን ያዘችው፤ ዓይኑ ደረጃ መሳት ጀምሮ ነበር። «አንተ ሰውዬ» አለችው፣ «አንዲት አ ሦስት ወር በላችን።»

«ሰዋስው ነው እኮ» አለ።

ቤት ሲደርሱ ራሱን ሰደበ፣ ባንኩን ሰደበ፣ ሾፌሩን ያለ ጥፋቱ ሰደበ። በማግሥቱ ማተሚያ ቤት ገብቶ በአጉሊ መነጽር ማንበብ ጀመረ። የሰው መጽሐፍ፣ የሰው ደረሰኝ፣ የሰው ሠርግ። በየወሩ ማብቂያ ባንኩ አዲስ በሰጠው የሠላሳ አንድ ወር ሠንጠረዥ ላይ አንዲት መስመር በቀይ ይሰርዛል፤ በሕይወቱ እንደዚያ ወረቀት በጥንቃቄ ያነበበው ነገር የለም።

ሃያ ስምንተኛውን መስመር የሰረዘበት እሑድ በራቸው ተንኳኳ። የሾፌሩ ልጅ ከእጮኛዋ ጋር ናት፤ ቤት ሊገዙ ነው፣ ከዚያው ባንክ።

«ጋሼ፣ አባባ ‹ሳታሳዩት እንዳትፈርሙ› አለን» አለች። «ደግሞ ውሉ ሲያምር! እንዲህ ጥርት ያለ አማርኛ አይቼ አላውቅም።»

«አውቃለሁ» አለ ጋሽ ሰረዝ። «በጠቅላላ ስንት ነው የምትከፍሉት?»

«አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ሺህ» አለ እጮኛው ኮራ ብሎ።

ባለቤቱ ከስፌት መኪናዋ ኋላ ሳቀች፤ ሳቁ ቶሎ ጠፋባት። ጋሽ ሰረዝ ውሉን ገልብጦ አባሪውን ከፈተና የመጨረሻውን መስመር በጣቱ አሳያቸው። ልጅቷ አነበበችው። ደግማ አነበበችው። እጮኛው ወንበር ሳበ። ወደ አንድ ሰዓት ያህል ወር በወር አስረዳቸው፤ ትንሽም ብትሆን አስቀድሞ ከዕዳው ላይ ማንሣት ስንት ዓመት እንደሚያድን፣ ምን ያህል መበደር እንደሚሻላቸው። ከዚያ «አንቀጽ አሥራ አንድን አውጪልኝ» አላት ሚስቱን። መስመሩ አልታይ አለው። እሷ መጥታ ጣቱን ይዛ ቃሉ ላይ አሳረፈችለት፤ «ቅጣት ይኖርበታል»።

ቀዩን እስክሪብቶ አወጣና ከፊቱ አ ጻፈ። «አይኖርበታል» ሆነ፤ ያ የድሮው ስሕተት። እንዲሁ ሊተወው አሰበ፣ እጁ ግን እምቢ አለው። ሁለቱን የመጨረሻ ፊደሎች ሰርዞ «ትም» ብሎ ጻፈበት። አይኖርበትም።

«ይህን ካልተቀበሏችሁ አትፈርሙ» አላቸው።

«ባንኩ እሺ ይላል ግን ጋሼ?» አለ እጮኛው።

«ስሰርዛት ጊዜ ከቢሮ ወጥተው ጨብጠውኛል፤ አሁን ስመልሳት እምቢ ሊሉ ነው?»

ልጆቹ ከሄዱ በኋላ ሁለቱ በረንዳው ላይ ተቀመጡ። ከመንገዱ ማዶ ያለው ሕንፃ ለእሱ አንድ ትልቅ ግራጫ ነገር ነው። «ሰባተኛው ገጽ ላይ አንድ ነጠላ ሰረዝ ጎድሏል፣ እኔ እንኳ አየሁት» አለችው ባለቤቱ።

«ተያቸው፣ ይጉደል» አለና ወንበሩን ወደ እሷ አዞረ፤ ዕዳው ሊያልቅ ሦስት ወር ነበር የቀረው።