ጋሼ ፈለቀ ማይክ ይዘው ዝም ያሉ ጊዜ

ከሜዳው ዳር የነበርነው ጋሼ ፈለቀ፣ ልጃቸው ሳባ፣ ጉልበቱን አሞት መጫወት ያልቻለው ዳዊትና እኔ ነን። ከተጫዋቾቹ አጥቂውን አቤልን ብቻ ልጥራ፤ ነገሩ የመጣው በእሱ እግር ነውና። ይህን ያስታወሰኝ ትናንት በምሠራበት ሆቴል የእረፍት ክፍል ድምፁ ተዘግቶ ኳስ የሚያሳይ ቴሌቪዥን ነው። ሰዉ "ድምፁን ክፈቱት!" ሲል እኔ ብቻዬን ሳቅሁ።

በፈረንጆቹ 2021 የጸደይ ወራት ነበር፤ እዚህ በሰው አገር፣ በኮሮና ምክንያት አቋርጠነው ወደነበረው የእሑድ ኳሳችን የተመለስንበት ሰሞን። ጋሼ ፈለቀ ቴሌቪዥን አገራችን በገባ ጊዜ ጨዋታ ያስተላልፉ ነበር። በብርዱ ወራት ኮሮና ይዟቸው ሆስፒታል ገቡ፤ ጉሮሯቸው ውስጥም ቱቦ ሰነበተ። ሲወጡ የቀራቸው ሹክሹክታ ብቻ ነበር። ሐኪሙ ድምፅዎ ይመለሳልም አይመለስምም አላላቸውም።

"አባዬ ስልክ ማንሳት ትቷል" አለችኝ ሳባ። "ሰዎች 'ማነው?' ሲሉት ይከፋዋል።"

አንድ እሑድ ጠዋት በመኪናዬ ኳስ ወደምንጫወትበት ከተማ ወደ ሄንደርሰን ወሰድኳቸው። የሜዳው ሣር ገና ውኃ ጠጥቶ ይሸት ነበር። ሳባ የላጠችላቸውን ብርቱካን እየበሉ የተከልኩትን ድምፅ ማጉያ ሲያዩ ቆዩና፣ "እስቲ ማይኩን አምጣው" አሉኝ። ይህን ሥራ ቪዲዮ እያየሁ ነው የተማርኩት፤ ድምፃቸው በእኔ ጥፋት እንዳይቆራረጥ ገመዱን ደግሜ ፈተሽኩ።

"አባዬ፣ ሐኪሙ ምን ነበር ያለህ?"

"ተናገር ነው ያለኝ። አትጩህ እንጂ አትናገር አላለም።"

ጨዋታው ሲጀመር እሳቸውም ማስተላለፍ ጀመሩ። ድምፃቸው ሻካራ ነው፣ ግን ይሰማል።

"ጋሼ፣ አቤልን ቶሎ ቶሎ ይጥሩት፤ ስሙን ካልሰማ አይሮጥም!" አለ ዳዊት።

አቤልም ተከላካዮቹን አልፎ ወደ ግቡ ገሰገሰ። ይሄኔ ጋሼ ፈለቀ ዝም አሉ። ማይኩ አፋቸው ላይ ነው፣ ቃል ግን የለም። ሳባ ውኃ ይዛ ብድግ አለች። እኔ ገመዱን ነካሁ፤ ደህና ነው። እሳቸው ግን ዓይናቸውን ከኳሷ ሳይነቅሉ በእጃቸው አስቆሙን።

አቤል መታት።

"ጎል! አቤል!" አሉ ጋሼ ፈለቀ በማይኩ።

ከመኪና ማቆሚያው ድረስ ሰው ዞሮ አየን።

"ምን ሆነህ ነው ዝም ያልከው?" አለች ሳባ እንባዋ እየመጣ።

"ምን ልበል? እያያችሁት!" አሉ ተገርመው። "ከሬዲዮ ወደ ቴሌቪዥን የሄድን ጊዜ አለቃችን ያስተማረን ይህንኑ ነው። ኳስ ግብ ፊት ስትደርስ አፍህን ዝጋ፣ ተመልካቹ በዓይኑ ይይ፣ ይለን ነበር።"

ሳባ ያመጣችላቸውን ውኃ ራሷ ጠጣችው።

በማግስቱ ስደውል ስልኩን ያነሱት ራሳቸው ናቸው። "ማነው?" አሉኝ፣ ጮክ ብለው።

ዛሬም ቴሌቪዥን ላይ ሳያቋርጥ የሚናገር አስተላላፊ ስሰማ ያ ዝምታ ይናፍቀኛል፤ ያን ጊዜ ግን ነፍሴን ነበር ያወጣት። ስለ አንድ ነገር ብቻ እርግጠኛ አይደለሁም። ኳሷን ለአቤል ያቀበለው ማነው? ዳዊት ከግራ ነው የመጣችው ይላል፤ እኔ ከቀኝ ይመስለኛል። ሜዳ ውስጥ የነበራችሁ፣ እባካችሁ የቀረውን ጨምሩበት።