ካሮት በሙዝ ቦታ

በ2011 ዓ.ም. ጅግጅጋ ውስጥ ምሳዬን የምበላው በኮንትራት ነበር። ቤቱ ከመሥሪያ ቤታችን ጀርባ ያለ ሰማያዊ በር ያለው የሩዝ ቤት ነው። ባለቤቷ ባሏ የሞተባት፣ ሃምሳዎቹን የጀመረች፣ ድምፀ ጎርናና ሴት ነበረች። ሶማልኛ የሚችለውም የማይችለውም ‹‹ሀቦ›› ይላታል፤ አክስት ማለት ነው። እሷ ከወረዳ ባለሥልጣን እስከ ጫኝ ድረስ ሁሉንም ሰው አንተ ስለምትል እኛም አንቺ እንላት ነበር።

ግድግዳውን ተጠግቶ የተዘረጋው ረጅም ጠረጴዛ የእኛ ነው። ከሌላ ክልል ተመድበን የመጣን አስተማሪዎች፣ የባንክና የቢሮ ሠራተኞች፣ አንድ እኔ ዘጋቢው። ሥጋውን ማን ባርኮ አረደው የሚለውን ጥያቄ አንስተው የሚጨነቁ ሰዎች ሌላ ቤት ይበላሉ። በዚህ ጠረጴዛ የቀረነው ያንን ጥያቄ የተውን ነን። ጾምን ግን አልተውንም።

የሀቦ ምሳ አንድ ዓይነት ነው፦ ሩዝ፣ ከላዩ የፍየል ሥጋ፣ ከጎኑ ቢስባስ የሚሉት አረንጓዴ የሚጥሚጣ ድልህ፣ ከሳህኑ ጫፍ ደግሞ ያልተላጠ ሙዝ። ሙዙ የሚበላው ከሩዙ ጋር ነው። ይላጣል፣ በጣት ይቆረሳል፣ ከጉርሻው ጋር አብሮ ይገባል። አዲስ መጤ ሁሉ መጀመሪያ ይስቃል፤ ወር ሳይሞላው ሙዝ ከዘገየ አስተናጋጅ ይጠራል። እጁን ያልሰጠ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ የጠረጴዛው አንጋፋ፣ የፊዚክስ መምህሩ። ሙዙን ወደ ጎን ገፍቶ ምግቡን ይጨርሳል፣ እጁን ታጥቦ ይመለሳል፣ ከዚያ ልጦ ይበላል። ‹‹ጣፋጭና ምግብ ወረፋ አላቸው›› ይል ነበር።

የዐቢይ ጾም የመጀመሪያው ሰኞ እንደ ወትሮው ተሰብስበን ተቀመጥን። ሀቦ ስለ ጾሙ ሰምታለች፤ አስባበታለችም። ሳህኖቹ ሲመጡ ሩዙ አለ፣ ቢስባሱ አለ፣ ሙዙ አለ፣ ሥጋው የለም። ፊቷ ላይ የአሸናፊ ፈገግታ ነበር።

‹‹ብሉ! ጾም ነው። ሥጋ የለውም።››

ሩዙ ያብለጨልጭ ነበር። መጠየቅ ሥራዬ ነው፤ ጠየቅሁ።

‹‹ሀቦ፣ ሩዙ በምን በሰለ?››

‹‹በመረቅ ነዋ! ሩዝ ያለ መረቅ ይበስላል እንዴ?››

‹‹የምን መረቅ?››

‹‹የፍየል!›› አለችኝ፣ ምን ነካው በሚል ዐይን እያየችኝ። ‹‹ሥጋውን አንስቼላችኋለሁ እኮ።››

የባንክ ገንዘብ ያዧ ሳቋን መያዝ አልቻለችም። መምህሩ ግን እጁን በቀስታ ከሳህኑ ሰበሰበ። ሳይቆጣ ነበር የተናገረው፤ ያ ነው ያስፈራው። ‹‹ሀቦ፣ አንቺ ምንም አላጠፋሽም። ግን እኛ ሁለት ወር ሙሉ በሙዝ አንኖርም። እስከ መጪው ሰኞ እናያለን። ካልሆነ ማዶ ካለው ሽሮ ቤት ጋር እንዋዋላለን።›› ሁሉም ተከትለውት ወጡ።

ጥያቄዬ ትክክል ነበር። የእሷም መልስ እውነት ነበር። የጠፋው ምሳው ብቻ ነው።

ወንበሮቹ ባዶ ሲሆኑ ሀቦ ፊት ለፊቴ ተቀመጠች። ‹‹ዋርያ፣ አንተ ነህ በትነህ የላክሃቸው፤ አሁን አብረኸኝ አስብ›› አለችኝ፤ ዋርያ ወንድ የሚጠሩበት ቃል ነው። ነገሩን እንደ ሂሳብ አስረዳችኝ። የእኛ ጾም ሲያልቅ ብዙም ሳይቆይ ረመዳን ይገባል። በረመዳን ቀን ቀን በሯ ዝግ ነው። ረጅሙ ጠረጴዛ በጾሙ ከሄደ ሁለቱ ወቅቶች ተያይዘው ባዶ ይሆኑባታል። የቤቱ አከራይ ደግሞ ቦታውን ለስልክ መሸጫ የሚፈልግ ሰው ካገኘ ሰንብቷል። ‹‹እነዚህ ሰዎች ማዶ ሁለት ወር ከበሉ ይለምዱታል። ሰው የለመደበት ይቀራል›› አለችኝ። ትክክል ነበረች። እኔም በዚያው ምክንያት ነበር እዚያው እሷ ቤት የቀረሁት።

ሩዙን ራሱን ማስተካከል ቀላል ነው፤ በዘይት፣ በሽንኩርትና በቲማቲም ይበስላል። ግን ሥጋው የነበረበት ቦታ ባዶ ይቀራል። በዚያ ላይ ሙዝ የጫነው መኪና በዚያ ሳምንት ሳይመጣ ቀርቶ ነበር። ገበያ ወጥቼ ያለውን አየሁ። ከሐረር በኩል ባሉት ወረዳዎች የተለቀመ ካሮት ከነአፈሩ በየማዳበሪያው ተከምሯል፤ ደህና፣ ወፍራም፣ ርካሽ። ያኔ ድሬዳዋ ትዝ አለኝ። አንድ ሆቴል ውስጥ ለቃለ መጠይቅ የቀጠርሁት ሰው በዘገየብኝ ቀን ኩሽናው በር ላይ ቆሜ ሼፉ ለጥብስ ማጀቢያ የሚሆን ካሮት በስኳር ሲያበስል ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አይቻለሁ። ሰውየው ስለቀጠሮው ምን እንዳለኝ ረስቻለሁ፤ ካሮቱን አልረሳሁም።

እሑድ ዕረፍቴ ነው። ካሮት ይዤ በጓሮ በር ገባሁ። ከሀቦ ጋር ኩሽናውን የምትይዘው የወንድሟ ሚስት ከሰሉን አቀጣጥላ ጠበቀችን። ካሮቱን ፍቀን፣ በአግድም፣ ውፍረቱን እኩል አድርገን ቆረጥን። እኩል ካልሆነ አንዱ ይሟሟል፣ አንዱ ጥሬ ይቀራል። ግማሹን ብቻ የሚሸፍን ውኃ፣ ስኳር፣ ትንሽ ዘይት፣ ቁንጥር ጨው። ድስቱ አይከደንም። ውኃው ተንኖ ሲያልቅ ስኳሩና ዘይቱ ወፍራም ሽሮፕ ሆነው ካሮቱን ይለብሱታል። አሠራሩ ይኸው ነው፤ እንዲህ ሲጻፍ የሚያሳስት ነገር የለውም።

የመጀመሪያው ግን አረረ። የሆቴሉ ምድጃ በጋዝ ነው የሚሠራው፤ የከሰሉ እሳት እንደዚያ ዝቅ በል ቢሉት ዝቅ አይልም። ከታች ስኳሩ ጠቆረ፣ ከላይ ካሮቱ ጥሬ ነበር። ሀቦ ከጫፉ ቀምሳ ተፋችው።

‹‹ይሄን ሆቴል ውስጥ በገንዘብ ይበሉታል?››

‹‹ይሄን አይበሉም።››

ለሁለተኛው ከሰሉን ወደ ዳር ገፋን፣ ሰፋ ያለ ድስት ጣድን፣ ስኳሩን ካሮቱ ለስለስ ካለ በኋላ ጨመርን። አሁን ሽሮፑ ቀስ ብሎ መጣ፤ ካሮቱ እንደ ታሸ ቆዳ አበራ። ሀቦ ቀመሰች፣ ዐይኗን ጨፈነች፣ ከመደርደሪያ አንድ ብርጭቆ አወረደች። ሱበግ ነው፤ የነጠረ ቅቤያቸው።

‹‹ይሄ ነው የጎደለው። ጥቂት ብቻ።››

‹‹ሀቦ፣ አይሆንም።››

‹‹ሥጋ እኮ አይደለም!››

‹‹ቅቤም አይበላም። ወተትም፣ እንቁላልም።››

‹‹ዋላሂ፣ ታዲያ ምን ቀራችሁ?››

‹‹ካሮት።››

የወንድሟ ሚስት ሳቀች። ሀቦ ብርጭቆውን መለሰችና በምትኩ ሄል ወቅጣ ነሰነሰችበት፣ ሎሚም ጨመቀችበት። ያንን ከድሬዳዋው ሼፍ አላየሁም፤ ከእሱ ይበልጥ ነበር። ከዚያ እጇን እየጠረገች ያላሰብሁትን አነሳች።

‹‹ያ ፊዚክስህ ድስቱን ይጠይቃል። አውቀዋለሁ።››

እውነቷን ነው። የቤቱ ድስቶች ሁሉ ለዓመታት መረቅ የተፈላባቸው ናቸው፤ ማጠብ አንድ ነገር ነው፣ ማሳመን ሌላ። ነጠላ ጫማዋን አጥልቃ ሄደች፤ አዲስ ድስት ተሸክማ ተመለሰች፤ ካሮቱ በቅድሚያ፣ ሩዙ ቀጥሎ በእሱው ሊበስሉ። ሆዱ ላይ የተለጠፈውን የፋብሪካ ወረቀት ልልጥ ስል እጄን መታችኝ።

‹‹ተወው! ይታያል።››

ሰኞ ሁሉም መጡ። ጉጉት ነበረባቸው፤ እምነት ግን አልነበራቸውም። ሳህኖቹ ወረዱ፦ በቲማቲም የቀላ ሩዝ፣ ቢስባስ፣ ሙዝ ይቀመጥበት በነበረው ጫፍ ላይ የሚያብለጨልጭ ካሮት። ካሁን በኋላ ጥያቄው የእኔ አይደለም።

‹‹ሩዙ በምን በሰለ?›› አለ መምህሩ።

‹‹በዘይት። ባለፈው ሰኞ ያቀረብሁላችሁ በመረቅ ነበር፤ ያኔም አልዋሸሁህም፣ ዛሬም አልዋሽህም።››

‹‹ካሮቱስ?››

‹‹በዘይት፣ በስኳር።››

‹‹በስኳር? ልደት አለ እንዴ?›› ጠረጴዛው ሳቀ። እሱ አልሳቀም። ‹‹ድስቱስ?››

ሀቦ ይህን ቃል ነበር የምትጠብቀው። ወደ ውስጥ ገብታ ድስቱን በጨርቅ ይዛ መጣች፤ ከነትኩሳቱ ጠረጴዛው መሐል አስቀመጠችው። ወረቀቱ ግማሹ በእሳት ጠቁሯል፤ ቀሪው ዋጋው ሳይቀር ይነበባል። ‹‹ይኸው! ዛሬ ነው የተወለደው። ሥጋ የሚባል ነገር አያውቅም።››

መምህሩ መነጽሩን አድርጎ ወረቀቱን አነበበ። እውነት አነበበው። ከዚያ ሩዙን ጀመረ፤ ካሮቱን እንደ ልማዱ ወደ ጎን ገፋው። ሀቦ አላለፈችውም፤ ከራሱ ላይ ቆማ ትጠብቃለች። እኔም ካሮቱ እንደ ሙዙ ወረፋ ከተሰጠው ሳህኑ ሩዝ ብቻ እንደሚሆን፣ ሩዝ ብቻ ደግሞ ሽሮን እንደማያሸንፍ አውቅ ነበር።

‹‹ቢስባስ ጨምርበት›› አለችው።

‹‹በጣፋጭ ላይ?››

‹‹አንተ አስተማሪ አይደለህ? ሞክር።››

አንድ ቁራጭ ካሮት አነሳ፣ በአረንጓዴው ድልህ ነካው፣ ከሩዝ ጋር ጎረሰ። አኘከ። ሁለተኛውን አከታትሎ አነሳ። ከግማሽ በላይ ከሄደ በኋላ ቀና ብሎ ‹‹ከዚህ ላይ ድገሚኝ›› አላት። ሀቦ ወደ ኩሽና ስትዞር በእኔ በኩል አለፈችና ትከሻዬን በክርኗ ወጋችኝ፤ አመመኝ።

ረጅሙ ጠረጴዛ ማዶ አልሄደም። የጾሙን ሳምንታት ከቱሊ ጉሌድም ሆነ ከደምበል ወረዳ ሥራ ውዬ ስመለስ ሰማያዊው በር ክፍት ነበር። ፋሲካ አለፈ፤ ረመዳን ገባ፤ በሩ ቀን ተዘግቶ ማታ ተከፈተ፤ ዒድ ሆነ። የስልክ መሸጫው ሰው ሌላ ቦታ አገኘ። ካሮቱም እዚያው ቀረ። ከደገሀቡር የሚመጡ ሾፌሮች ከፍየሉ ጋር ያዝዙታል፤ ለእነሱ የሚሠራው በሱበግ ነው፣ በሌላ ድስት።

ከዒድ በኋላ አንድ ቀን ቤቱ ሞልቶ እያለ የወንድሟ ሚስት የመረቅ ድስት አነሳት። ግድግዳው ላይ ለብቻው የተሰቀለውን፣ ወረቀቱ ያልተላጠውን ድስት ለማውረድ እጇን ዘረጋች። ሀቦ ከሂሳብ መቀበያው ሆና አየቻት።

‹‹ተዪው! ተዪው እሱን!›› ብላ ጮኸች፤ እኛ እንድንሰማ በአማርኛ። ‹‹እሱ ገና ጾም ላይ ነው!››

መምህሩ የፍየል አጥንቱን ይዞ እንደነበረ ቀና አለና አፉ በምግብ እንደተሞላ ‹‹አብሽሪ፣ ይጽናልን!›› አላት። ከሳህኑ ጫፍ ሙዝ ነበር፤ ግማሹ ተልጦ፣ ከሩዙ ጋር።