የፀሐዩ «አንዳንድ ቦታዎች»

አቃቂ ውስጥ ያልገባበት ቤት የሌለ አንድ ወሬ አለ። የአየር ትንበያ ባለሙያው ፀሐዩ፣ ሳፊያ ለልጇ ሠርግ ድንኳን እንዳትተክል እግሯ ላይ ወድቆ ለምኗት ነበር አሉ። እሷ በግትርነቷ ተከለች፤ ወጀቡም ነቅሎ ወሰደባት። ድንኳኑ ሳሪስ ደርሶ የመመለሻ ታክሲ ሲጠብቅ አይቼዋለሁ የሚልም አልጠፋ።

ነገሩ ግን አይዋጥም። ሳፊያ እኮ ጭጋግ ባየች ቁጥር የሱቋን ሸራ የምታወርድ፣ ቤት ውስጥ ዣንጥላ ለመዘርጋት ጥቂት የቀራት የስልጤ ነጋዴ ናት። እሷ ናት ማስጠንቀቂያ የምትንቀው?

እውነቱን ፀሐዩ ያውቀዋል። ስሙ ፀሐይ፣ እንጀራው ዝናብ! ሃያ ዓመት ሙሉ የክረምት ወጀብ ሲያጠና አንድም ቀን ተሳስቶ አያውቅም። ለምን ቢሉ፣ «በአንዳንድ ቦታዎች በረዶ የቀላቀለ ከባድ ዝናብ ይኖራል» ብሎ ይጽፋላ! ይህን በሚያህል አገር አንድ ቦታ መዝነቡ መቼም አይቀር።

በሠርጉ ዋዜማ ግን ሳፊያ ሱቋ በር ላይ ያዘችው።

«ፀሐዩ ወንድሜ፣ አቃቂያችን ከነዚያ አንዳንዶቹ ናት?»

አለቆቹ እንኳ እንዲህ አምነው ጠይቀውት አያውቁም። ልቡ አበጠ።

«አይዞሽ፣ የለችበትም። ድንኳንሽን ትከዪ!» አላት፤ የዕለቱን የደመና ምስል እንኳ ሳያይ።

በማግስቱ ወጥ ሆኖ የቀረበው ሁሉ ሾርባ ሆነ። ሙሽሪት ልጇ ሰሀር ከነቬሎዋ ጠረጴዛ ሥር ገባች።

ወሬውን ፀሐዩ አልወለደውም፤ ሲያድግ ግን ዝም ብሎ አየ። ካፌ ሲገባ «አዋቂው መጣ!» ተብሎ ወንበር ይለቀቅለታል፤ ማኪያቶውን ግን ሳይጨርስ ይወጣል። በሳፊያ ሱቅ በኩል ላለማለፍ ባጃጁን ዙሪያ ጥምጥም ያስነዳል። እሷ አንድ ቀን እንኳ «እሱ ነው ያለኝ» ብላ አላማችውም። የሙሽራው ዘመዶች ግን በእልኳ አዋረደችን ብለው ሰላምታ ነፍገዋታል።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ መካኒኩ ቀጀላ ከሙሽራው አጎት ከሀይረዲን ጋር ካፌው ውስጥ ተቀምጦ ፀሐዩን ጠራው።

«ይኸው ሰውዬው! ጋሽ ፀሐዩ፣ እስቲ ንገራቸው፤ ያቺን ደረቅ ሴትዮ ስንቴ ለመንካት?»

«የስንቴውን ተወው» አለ ሀይረዲን። «ብቻ ልጇን ልጠይቅ ብላ ደጃችን እንዳትደርስ።»

ፀሐዩ ሊስቅ ሞከረ፤ ከንፈሩ እምቢ አለው።

«ወሬው ከሥሩ ሐሰት ነው» አለ። «አልለመንኳትም፤ አላስጠነቀቅኳትም። ጠየቀችኝ፤ አይዘንብም፣ ትከዪ ያልኳት እኔ ነኝ።»