የሊዮካዲያ በረት ሳንቃዎች

በግሮብላ መንደር ሊዮካዲያን የሚያታልል ሰው ገና ከእናቱ ሆድ አልወጣም ይባላል። ፖስተኛው ደብዳቤ ሲያመጣላት መጀመሪያ ፖስታውን፣ ቀጥሎ ፖስተኛውን አገላብጣ ታያለች። ጎረቤት “እንደምን አደርሽ?” ሲላት “ምነው፣ ምን ሰማህ?” ብላ ትመልሳለች። ቄሱ ኑዛዜዋን ሊሰሙ ሲቀመጡ እንኳ መርማሪዋ እሷ፣ ተመርማሪው እሳቸው ናቸው እየተባለ ይቀለዳል።

ይህን ጠባይ ይዛው አልተወለደችም፤ ያስተማራት ዘመኑ ነው። ልጅ ሳለች አንድ ማለዳ ጀርመኖች ወደ መንደሩ መጡና “ለጥቂት ቀን ነው የምትወጡት፣ ዕቃ አታብዙ” አሉ። የግሮብላ ሰው አመነ። ድስቱን እሳት ላይ ጥዶ የወጣም ነበር። ጦርነቱ አልቆ ሲመለሱ መንደር የሚባል ነገር የለም። ቤቶቹ ፈርሰዋል፤ ጡባቸውና እንጨታቸው ጀርመኖቹ ከሜዳው ማዶ ለሠሩት ማጎሪያ ካምፕ ውሏል። ከዚያ ወዲህ “ያልጠረጠረ ተመነጠረ” የሚለው አባባል ለሊዮካዲያ ተረት ሆኖ አያውቅም፤ በዓይኗ ያየችው ነገር ነው።

ቀጥሎ የሆነውን መንደሩ ሁሉ ያውቀዋል፤ መንደሩ ሁሉ ግን አያወራውም። ቤት አልባዎቹ ያን የበረዶ ወራት ድንች በሚከማችበት ጉድጓድ ውስጥ ተኝተው አሳለፉ። ካምፑ ደግሞ ባዶውን ቆሟል፣ ሳንቃውም ለጉድ ነው። የሊዮካዲያ አባት አንድ ቀን ጋሪ ተውሶ ሄደና የቻለውን ያህል ጭኖ መጣ። “ወሰዱብን፣ ወሰድን” አለ። ከዚያ በኋላ እስኪሞት ድረስ ስለ ነገሩ ትንፍሽ አላለም። ሳንቃው መጀመሪያ ቤት ሆነ፤ ቤቱ በጡብ ሲሠራ ደግሞ በረት ሆነ። በረቱ ዛሬም አለ። ባሏ ሞቶ፣ ልጆቿ እንግሊዝ አገር ገብተው የቀሩባት ሊዮካዲያ ላሟን እዚያው ታስራለች፤ ከላሟና ከበረቱ ሌላ የእኔ የምትለው ብዙም የላትም።

ታዲያ አንድ ዓመት በበጋው አንድ ካሜራ ያነገተ ሰው መንገድ ዳር ቆሞ “እማማ፣ በረትዎ እንዴት ያምራል!” አላት። በረቱ ወደ ግራ ያዘመመ፣ ዝናብ የሚያስገባ፣ ነፋስ ሲነሳ የሚያቃስት ነው። ዕድሜውን ሙሉ ያምራል ያለው ሰው የለም። ሊዮካዲያ ውሻውን ፈታችበት።

ቅጠል መርገፍ ሲጀምር ደግሞ ቄሱ ከቅዳሴ በኋላ አንድ ማስታወቂያ ተናገሩ። ካምፑ ሙዚየም ከሆነ ብዙ ዘመኑ ነው፤ አሁን ሙዚየሙ የግሮብላን አዛውንቶች ለአንድ ቀን ጉብኝት ጋብዟል። አስጎብኚ አለ፣ አውቶቡስ አለ፣ ምሳ አለ፣ ሁሉም በነጻ ነው።

“አውቶቡስ?” አለች ሊዮካዲያ ከቤተ ክርስቲያን ሲወጡ ለጎረቤቷ ለቫሌንቲ። ቫሌንቲ አብሯት ያደገ፣ ሚስቱ የሞተችበት፣ አፉ የማያርፍ ሽማግሌ ነው። “ከማድ ቤቴ መስኮት ሆኜ አጥሩን አየዋለሁ። እዚያ ለመሄድ ነው አውቶቡስ የሚልኩልኝ?”

“ለክብርሽ ነዋ።”

“አድሮ ነው ክብር የታያቸው? እስከዛሬ ውኃ እንኳ ጠጡ ብለውን አያውቁም። እኔ ልንገርህ፣ ምሳው ውስጥ ያለው በረቴ ነው፤ ሳንቃቸውን ሊያስመልሱ ነው።”

“ሌባ እናት ልጇን አታምንም አሉ።”

“ያንተስ የአሳማ ጋጣ በምን ተሠራና ነው የምታሾፈው?”

ቫሌንቲ ሳቁን ዋጠና ግራ ቀኙን አየ። “ቀስ በይ እንጂ፣ ሴትዮ! እኔማ ሄጄ ምሳዬን እበላለሁ። አንቺ ከቀረሽ ግን ‘ይቺ ለምን ቀረች?’ ነው የሚሉት።”

ይሄ ነገር እውነት ነበረው። ሊዮካዲያ ሁለት ቀን አወጣች አወረደችና ለመሄድ ቆረጠች። በጉዞው ዕለት ጠዋት የበረቱን የመንገድ በኩል ግድግዳ በትልቅ ሸራ ሸፈነችው። ሸራው በረቱን ይበልጥ እንዲታይ ከማድረጉ በቀር ሌላ ጥቅም አልነበረውም።

አስጎብኚዋ ያጎዳ የምትባል ግራጫ ካፖርት የለበሰች ወጣት ናት። አውቶቡሱ በር ላይ ቆማ የእያንዳንዱን እጅ ጨበጠች፣ ስም ጠየቀች። “ሊዮካዲያ ሙሻል” አለች ሊዮካዲያ። ሙሻል የባሏ ስም ነው። የአባቷን ስም የጠየቃት የለም፣ እሷም ያልተጠየቀችውን የምትመልስ ሴት አይደለችም።

“ከመላው ዓለም ሰው ይመጣል” አለች ያጎዳ ግቢው ውስጥ ከገቡ በኋላ። “እናንተን ጎረቤቶቻችንን ግን አንድም ቀን ጠርተናችሁ አናውቅም። ጥፋቱ የእኛ ነው።”

“ጀመረች” አለች ሊዮካዲያ በቫሌንቲ ጆሮ። “ማር ቀብታ ነው የምታጎርሰን።”

“አንቺ ደግሞ ዝም በይና ስሚ።”

ሊዮካዲያ መጨረሻ ላይ ሆና ተከተለች። ያጎዳ ስትናገር ድምፅዋን አትጨምርም፣ እንባ ለመጥራትም አትሞክርም። ሊዮካዲያ ይህንንም አልወደደችውም፤ በለሆሳስ የሚናገር ሰው የሚያደባ ሰው ነው። ልጅቱ ደግሞ ዞር ባለች ቁጥር ዓይኗ የሚያርፈው እሷ ላይ ነው፣ ወይም ለሊዮካዲያ እንደዚያ መሰላት።

ከእንጨት የተሠራው ረጅም የእስረኞች አዳራሽ ውስጥ ሲገቡ ግን ያጎዳንም ረሳቻት። ሳንቃዎቹን አወቀቻቸው። ስፋታቸው፣ አንዱ ባንዱ ላይ የተነባበረበት መንገድ፣ ዝናብ ያጠቆረው መልካቸው፣ ሁሉም የበረቷ ነው። ላሟን የምታስርበት የብረት ቀለበት እንኳ እዚህ በየግድግዳው ተሰክቷል። ሲሠራ ለፈረስ ጋጣ ነበር አለች ያጎዳ፤ ሰው አጎሩበት። ከዚያ ፎቅና ምድር ሆነው የተደረደሩትን አልጋዎች አሳየቻቸው። አልጋ ይባሉ እንጂ ባዶ ሳንቃ ናቸው። ሰዎቹ ጎን ለጎን ተጣበው ይተኛሉ፣ አንዱ ሲገላበጥ ሁሉም ይገላበጣል፣ ጠዋት ሁሉም አይነሳም።

ሊዮካዲያ አፈረች። ማፈሯ ደግሞ አናደዳት። እኛስ? አለች በሆዷ፤ ድንች ጉድጓድ ውስጥ ስንተኛ ማን አይቶን ነበር? ቤታችንን ያፈረሱት ለዚህ አይደለም? ቢሆንም ዓይኗን ከዚያ ሳንቃ ላይ ማንሳት አቃታት።

“ከእነዚህ አዳራሾች ብዙዎቹ ዛሬ የሉም” አለች ያጎዳ። የግሮብላ ሽማግሌዎች አንዱ ጫማውን፣ አንዱ መነጽሩን መመርመር ያዘ። ቫሌንቲ ጣሪያውን እንደ ሰማይ አንጋጦ ያይ ጀመር።

“አየህ?” አለችው ሊዮካዲያ ሲወጡ፣ እጁን ጨምድዳ። “ሁሉንም ታውቃለች። አፋችንን እስክንከፍት ነው የምትጠብቀው።”

“በተዘጋ አፍ ዝንብ አይገባም። ዝጊው።”

የመጨረሻው ማረፊያ የካምፑ ጀርመን ጠባቂዎች ይኖሩበት የነበረው ቤት ነበር። በቅርቡ ሲጠገን የጣሪያው ልስን ተነስቶ ከውስጡ የቆየ ወጋግራ ወጥቷል፤ ያጎዳ የእጅ ባትሪዋን ወደ ላይ አበራችበት። በዚያ አገር ቤት የሠራ ሰው በጣሪያው ዋና ወጋግራ ላይ ስሙንና ዓመቱን ይቀርጻል፣ መካከሉ ላይ ክብ አበባ ያደርግበታል። ይሄም ከአንድ የመንደር ቤት የተነቀለ ነው። ያጎዳ ጮክ ብላ አነበበችው፦ “ቴዎፊል ኩርጄል ሠራኝ። ጌታ ሆይ፣ የሚገባውንም የሚወጣውንም ባርክ።”

ሊዮካዲያ አበባውን አወቀችው። ቴዎፊል ኩርጄል አያቷ ናቸው። ልጅ ሆና በጀርባዋ ተኝታ ያን አበባ እያየች ነበር እንቅልፍ የሚወስዳት፤ አያቷ በትከሻቸው አንስተው ትንሽ ጣቷን በፊደሎቹ ጎድጓዳ ውስጥ ያስኬዱላት ነበር። ከመንደር በተባረሩ በመጀመሪያው የበረዶ ወር በሰው አገር፣ በሰው ግርግም ሞቱ። መቃብራቸው የት እንዳለ የሚያውቅ የለም። ስማቸው ተጽፎ የሚገኝበት ቦታ በዓለም ላይ ይህ እንጨት ብቻ ነው።

“ቤተሰቡን እየፈለግን ነው” አለች ያጎዳ። “ብናገኛቸው ቤታቸው ሄደን ታሪካቸውን እንሰማለን፣ ግቢያቸውን ፎቶ እናነሳለን።” ከዚያ ዞር አለች። “እማማ ሊዮካዲያ፣ እርስዎ የዚሁ መንደር ተወላጅ ነዎት አይደል? ይህን ስም ያውቁታል?”

ግቢያቸውን ፎቶ እናነሳለን! ወጥመዱ ይኸውና፣ በአያቷ ስም ተጠምዶ መጣ። አዎን ካለች ነገ ጠዋት ካሜራው በሯ ላይ ነው፤ ከነገ ወዲያ ሸራው ይነሳል፤ ሳንቃዎቹ ወደመጡበት፣ ላሟም ወደ ውጪ።

“አላውቀውም” አለች።

ክፍሉ ውስጥ የነበረ የግሮብላ ሰው ሁሉ የማን አያት እንደሆኑ ያውቃል። ግን ጎረቤት አሳልፎ መስጠት በግሮብላ ነውር ነው፤ ደግሞም ሁሉም ቤቱ የየራሱ ሳንቃ አለው።

“ያሳዝናል” አለች ያጎዳ። “እንግዲያው ‘ባለቤቱ ያልታወቀ’ ብለን እንጽፍበታለን።” ባትሪዋን አጠፋችው።

ለምሳ ኮምጠጥ ያለ የአጃ ሾርባ ከእንቁላልና ከቋሊማ ጋር ቀረበ። ሊዮካዲያ አንድ ማንኪያ አፏ ድረስ አድርሳ መለሰችው። ቫሌንቲ የራሱን ጨረሰና ሳይጠይቅ የእሷን ሳበ፤ ግን እሱም አላለቀለትም።

ከአውቶቡሱ ወርደው በሯ ደጃፍ ደረሱ። ሸራው በነፋሱ ይንቦጨቦጫል።

“በረትሽን አድነሻል። እንኳን ደስ አለሽ” አለ ቫሌንቲ።

“አሹፍ። ምን ቸገረህ?”

“አላሾፍኩም። አያትሽ እኔንም በፈረሳቸው ላይ ያስቀምጡኝ ነበር፣ ነፍሳቸውን ይማርና።” ኮፍያውን አውልቆ ላቡን ጠረገ፤ ቀኑ ግን ብርድ ነበር። “ብቻ አንድ ነገር ልንገርሽ፣ ሊዮካዲያ። ጀርመኖቹ እንኳ ስማቸውን በልስን ሸፈኑት እንጂ አልፋቁትም።”

ብሏት ሄደ። ሊዮካዲያ ወደ በረቱ ገብታ የላሟን ውኃ ልታይ ጎንበስ አለች። ላሚቱ ሳንቃው ላይ ተደግፋ ታመሰኳለች። ይህን ግድግዳ ዕድሜዋን ሙሉ ስታየው ኖራለች፣ ስትጠግነው፣ ስታጸዳው። ዛሬ እጇን ልታሳርፍበት አልቻለችም። የአያቷ ፊት መጣባት፤ ቀጥሎ የራሷ ድምፅ፣ አላውቀውም የሚለው፤ እንዴት ቀላል ሆኖ እንደወጣ። አለቀሰች። ማንም ስለማያያት ለማልቀሷ ሰበብ መፈለግ አላስፈለጋትም።

ከዚያ ሻርፗን አጥብቃ አሰረችና በሜዳው አቋርጣ በእግሯ ሄደች። አውቶቡስ የሚያስፈልገው መንገድ አልነበረም።

ስትደርስ ፀሐይ ልትጠልቅ ነው፣ ጎብኚዎች ወጥተዋል፣ አንድ ወፍራም ዘበኛ የብረቱን በር እየቆለፈ ነው።

“ተዘግቷል፣ እማማ። ነገ ይመለሱ” አለ ቀና ሳይል። “ምን ፈልገው ነበር?”

በመንገዷ ሁሉ መልስ ስታዘጋጅ ነበር የመጣችው። ማን ነሽ ቢላት፣ መታወቂያ ቢላት፣ ማስረጃሽ የታለ ቢላት የምትለው ነበራት። ሁሉም ጠፋና አንድ ነገር ብቻ ወጣ።

“አያቴ ውስጥ ናቸው።”

የዘበኛው እጅ ቁልፉ ላይ ቆመ። ይህን ዓይነት ቃል በዚያ በር ላይ በየቋንቋው ሰምቷል። ስም አልጠየቀም፣ አገር አልጠየቀም። ኮፍያውን አወለቀና በሩን መልሶ ከፈተው።

“ይግቡ፣ እናቴ። የፈለጉትን ያህል ይቆዩ። እኔ እጠብቃለሁ።”

ሊዮካዲያ ለጥርጣሬ ተዘጋጅታ መጥታለች፤ ለመታመን ግን አልተዘጋጀችም። ቆይ ይሄ ሰው ምን ፈልጎ ነው ብላ ፊቱን መረመረችው። ምንም አልፈለገም። ለሌላ ሰው የሚገባ ክብር እጇ ላይ ተቀመጠባትና አቃጠላት።

“እንደሱ አይደለም” አለች። “አያቴ እዚህ አልሞቱም። ስማቸው ነው ያለው፣ እጣሪያው ላይ። ዛሬ አላውቃቸውም ብዬ ክጃቸዋለሁ። ለዚያች ልጅ፣ ለያጎዳ ንገርልኝ፤ ቴዎፊል ኩርጄል የሊዮካዲያ አያት ናቸው በላት። ያልታወቀ ብላ እንዳትጽፍ። ግቢዬንም መጥታ ትይ፣ በረቴንም ትይ። ሰዎቹ ይተኙባቸው የነበሩት ሳንቃዎች እኔ ጋ ናቸው።”



“የትኞቹ ሰዎች? እነማን ነበሩ?” አላት ዘበኛው።

ሊዮካዲያ በዕድሜዋ የማታውቀውን ሰው ሁሉ ከየት መጣህ፣ የማን ነህ፣ ምን ፈልገህ ነው ብላ ያፋጠጠች ሴት ናት። 

“ጠይቄ አላውቅም” አለች።