የአሮጊቷ የብር ሚዶ

ታላቅ ወንድሜ ከዱባይ አሮጌ ኮምፒውተር ይዞ የመጣው ለሱቁ ዕቃ መመዝገቢያ ይሆናል ብሎ ነው። ሱቃችን መርካቶ ውስጥ፣ አንድ ፎቅ ሁለተኛ ደርብ ላይ ነበረ፤ ለልብስ ሰፊዎች ዚፕ፣ ክር፣ ላስቲክና ቁልፍ በጅምላ እንሸጣለን። ሚሌኒየሙ ሊገባ ጥቂት ዓመታት ሲቀሩት ነው። በኮሪደሩ ላይ ኮምፒውተር ያለው የፎቶ ኮፒ ቤቱ ብቻ ነበር፤ አሁን እኛ ሁለተኛ ሆንን። ወንድሜ ጥግ ላይ አስቀመጠው፣ ሸራ አለበሰው፣ “እኔ ሳልመጣ ማንም እንዳይነካው” ብሎ አስጠነቀቀና ተመልሶ ዱባይ ሄደ። እኔም በነጋታው ሸራውን ገለጥኩት።

ዕቃ መመዝገቢያ የሚባል ነገር ውስጡ አልነበረም። የነበረው ጌም ነው። የቀድሞ ባለቤቱ ማን እንደሆነ አላህ ይወቀው፣ ጨዋታውን እኩሌታው ላይ ትቶ ነው ኮምፒውተሩን የሸጠው። ስከፍተው አንድ ጢሙ የረዘመ ሰውዬ፣ ጎራዴ ታጥቆ፣ የውኃ ጉድጓድ አጠገብ ቆሞ አገኘሁት። ጉድጓዱ ዳር አንዲት አሮጊት ኩርምት ብላ ተቀምጣለች። ሰውዬውን ወደ እሷ ሳስጠጋው ከሥር ጽሑፍ ይወጣል፤ ጽሑፉ እንግሊዝኛ ነው። እኔ ደግሞ ከአስረኛ ክፍል አቋርጬ ዚፕ ውስጥ የገባሁ ሰው ነኝ። ፊደሉን አውቀዋለሁ፤ ቁጥርና ቀለም ከካርቶን ላይ አነባለሁ፤ ዐረፍተ ነገር ሲሆን ግን ላብ ያጠምቀኛል።

ስለዚህ ፎቶ ኮፒ ቤት ሄድኩ።

እዚያ የምትሠራው ልጅ ከእኔ ብታንስ በሁለት ዓመት ነው። የጽሕፈት ዲፕሎማ ነበራት። ለሰው ማመልከቻና ውል ትጽፋለች፤ ባለጉዳዩ አንድ ሰዓት ሙሉ ሲያወራላት ቆይቶ እሷ ግማሽ ገጽ አድርጋ ትሰጠዋለች፤ እሱም አንብቦ “እንዲህ ነው ያልኩት!” ብሎ ይገረማል። እኔ ያን ቀን ከዱባይ የመጣ አስቸኳይ ደብዳቤ አለና አንብቢልኝ ብዬ ዋሽቼ ነው ያመጣኋት። ደብዳቤው ጢማም ሰውዬ ሆኖ ሲገኝ ሳቀች። ወንበር ስባ ተቀመጠችና አነበበችልኝ፤ አሮጊቷ “መንገደኛው፣ የብር ሚዶዬ ጠፋብኝ፤ ካገኘኸው አምጣልኝ” ነው የምትለው አለችኝ። እኔ እኮ ጎራዴውን አይቼ ዘንዶ ነበር የጠበቅኩት። ለሚዶ ነው እንዴ ይሄ ሁሉ ትጥቅ?

ከዚያ ቀን በኋላ ልማድ ሆነ። ከሰዓት ስምንት ሰዓት ላይ ገበያው ቀዝቀዝ ሲልና ቀጣሪዋ ጫት ሊቅም ለበርጫ ሲወጣ፣ የእሷን በር ከእኛ ሱቅ ማየት ስለሚቻል፣ ትመጣና ትቀመጣለች። እኔ ማውሱን እይዛለሁ፣ እሷ ታነባለች። መብራት ሲሄድ ሰውዬው የያዘው ዕቃ ባይጠፋም የሄድንበት መንገድ ሁሉ ይጠፋና እንደገና ከጉድጓዱ እንጀምራለን፤ አሮጊቷም ያንኑ ትደግምልናለች። እውነቱን ልናገር፣ ሚዶው ጉዳዬ አልነበረም። ልጅቷን ወድጃት ነበር። ጠዋት ሱቅ ስከፍት ስምንት ሰዓትን አስባለሁ፤ ስምንት ሰዓት ሲሆን ደግሞ አፌ ይተሳሰርና ስለ ዋሻና ስለ ተኩላ ብቻ አወራለሁ። ለደንበኛ አንድ ዚፕ ለመሸጥ ሰባት ጊዜ የምምል ሰው ለእሷ አንድ ቃል አጣሁ።

ከጎናችን ብርድ ልብስ የሚሸጡ አንድ ሐጂ ነበሩ፤ ንግድ ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው ማለት ይቻላል። አንድ ቀን ከበሩ ላይ ቆመው ሁለታችንንም አዩንና ምን ጠፍቶባችሁ ነው አሉ። የአንዲት አሮጊት ሚዶ አልኳቸው። የማን እናት ናት አሉ። የኮምፒውተሩ ናት ብላቸው እንኳ አልሳቁም፤ ጠፋ የተባለ ዕቃ ሁሉ ገዢ እጅ ሳይደርስ ደላላ እጅ ላይ ማለፉ አይቀርም፣ ደላላውን ፈልጉ ብለው መከሩን። እኛም በጨዋታው ውስጥ ገበያ ስንፈልግ አንድ ነጋዴ አገኘን። አይ ነጋዴ! ዋጋ አይቀንስ፣ አይጨምር፣ ሂድ አይል፣ ና አይል። ጥለነው ስንሄድ እንኳ ከኋላ አልጠራንም። እንዲህ ያለ ሰው መርካቶ ቢመጣ በሳምንቱ ሱቁን ዘግቶ ይሄዳል አልኳት፤ ሳቀችልኝ፤ ያን ቀን ቤቴ የገባሁት በእግሬ ይሁን በክንፍ አላስታውስም።

ሰውዬው ከረጢትም ነበረው። መንገድ ላይ ያገኘውን ሁሉ ማንሳት ይችላል፤ እኔም አነሳሁ። የተሰበረ ጋሻ፣ ባዶ ጠርሙስ፣ የዛገ ቢላ፣ የአንድ እግር ጫማ። እሷ ይሄን ሁሉ ጣለው፣ የማይረባ ነው ይላል እኮ ጽሑፉ ብትለኝ አልሰማኋትም። ምን አለሽ ተራ አጠገብ ያደገ ሰው የማይረባ ዕቃ የሚባል ነገር አይገባውም፤ እዚያ የዛገ በርሜል ጠዋት ይገባና ከሰዓት ምድጃ ሆኖ ይወጣል። በኋላ ሸክሙ ከልክ አለፈና ሰውዬው መሮጥ አቃተው። ያ ሁሉ ጎራዴና ጢም፣ ጣቃ እንደተሸከመ ወዛደር እየተጎተተ መሄድ ጀመረ፤ ቀበሮ ሳይቀር ደረሰበት። እኔ ግን አንድ ጠርሙስ አልጣልኩም።

አንድ ቀን እሷን ስጠብቅ፣ ሥራ ፈትቼ፣ ከረጢቱን ከፈትኩና ዕቃውን ልክ እንደ ሱቃችን መደርደሪያ በየዓይነቱ ማየት ጀመርኩ። ከጠርሙሶቹ በታች፣ ከጫማው ሥር፣ አንዲት ትንሽ ነጭ ሥዕል አለች። ጥርስ አላት። ጠጋ ብዬ አየኋት፤ ሚዶ ናት። የቀድሞው ባለቤት አንስቷት ይሁን፣ ወይስ እኔ ከጠርሙስ ጋር አፍሼያት፣ እስከ ዛሬ አላውቅም። ያን ሁሉ ተራራ ስንወጣና ስንወርድ ጀርባችን ላይ ነበረች።

ደስ ሊለኝ ሲገባ ደነገጥኩ። ሚዶው ከተገኘ የሚነበብ ነገር የለም፤ የሚነበብ ከሌለ ደግሞ እሷ ምን ልትሠራ ትመጣለች? ኮሪደሩ ላይ የጫማዋን ድምፅ ስሰማ ከረጢቱን ዘጋሁ።

ለዚህም ቢሆን የንግድ ምክንያት አላጣሁለትም። ያን ሰሞን ሐጂን ስለ አንድ ጭነት ጥቁር ዚፕ አማክሬያቸው፣ ዕቃው እጅህ ላይ እስካለ ምን ያስቸኩልሃል፣ ይቀመጥ፣ ፈላጊው ይብዛ ብለውኝ ነበር። አስቀመጥኩት፤ በዓል ሲቃረብ ልብስ ሰፊዎቹ ደረጃው ላይ ተሰለፉ። ይህን በዓይኑ ያየ ነጋዴ ሚዶ ቢያገኝ ምን ያደርጋል? ያስቀምጣል እንጂ! ወላሂ፣ ብልጥ የሆንኩ መስሎኝ ነበር። ሚዶው ይቀመጥ፣ እሷ ትመላለስ፣ መላመዱ ይጥናልን፤ ከዚያ አንድ ቀን “ይኸው፣ ተገኘ” እላትና በዚያው ሞቅታ የልቤን እነግራታለሁ። ቀኑን ብቻ አልቆረጥኩም።

ረመዳን ገባ፣ ወጣ። አንድ ከሰዓት ሰውዬውን ወንዝ እያሻገርኩ ሳለ፣ እሷ ስክሪኑን እያየች፣ ከአረፋ በኋላ ቤታቸው ሽማግሌ ሊመጣ እንደሆነ ነገረችኝ። አባቷ የሚያውቃቸው ሰዎች ናቸው፤ ልጁንም አንድ ጊዜ አይታዋለች፤ ክፉ ሰው አይመስልም። ሰውዬው ወንዙ መሀል ቆመ። ከዚያ ዞር ብላ፦

“አንተ ምን ትላለህ?” አለችኝ።

ዛሬ ሳስበው ከዚህ በላይ ምን እንድትለኝ ነበር የምጠብቀው? ማመልከቻ ጽፋ፣ ማኅተም አስመትታ እንድታመጣልኝ ነው? እኔም፣ ነጋዴው፣ ብልጡ፦

“እስቲ መጀመሪያ ሚዶውን እናግኝ” አልኳት።

ምነው ያኔ ምላሴን በቆረጠው።

ከዚያም በኋላ መምጣቷን አልተወችም። እኔ ሚዶውን ከረጢት ውስጥ ይዤ ሰውዬውን የማይወስዱት ቦታ ሁሉ ወሰድኩት፤ በረዶ ውስጥ፣ ረግረግ ውስጥ፣ የሙታን ዋሻ ውስጥ። በጉድጓዱ በኩል ባለፍን ቁጥር አሮጊቷ ያንኑ ትላለች፣ ልጅቷም ታነባለች። መጀመሪያ ሰሞን እየሳቀች ነበር የምታነበው፤ በኋላ መሳቋን ተወች። አንድ ቀን “ይቺ ሴትዮ አሳዘነችኝ፤ ሚዶዋን የያዘው ሰው ይሄኔ በየቀኑ አጠገቧ ቆሞ የት ጠፋብሽ እያላት ይሆናል” አለች። በረዶው ጋ በደንብ አልፈለግንም መሰለኝ ብዬ ሰውዬውን እንደገና ወደ ተራራው አዞርኩት።

አረፋ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ከጉምሩክ የወጣ ዚፕ መጣልንና ወዛደሮቹን ለማሸከም ወደ ታች ወረድኩ። እሷን ኮምፒውተሩ ላይ ትቻት ነው የሄድኩት። ካርቶኑን ሁሉ አስወጥቼ፣ በላብ ተጠምቄ ስመለስ ወንበሩ ባዶ ነው። ሰውዬው ጉድጓዱ አጠገብ ቆሟል። አሮጊቷ ተነስታለች፤ እስከዚያ ቀን ድረስ ተነስታ አላየኋትም። ከረጢቱን ከፈትኩት፤ ሚዶው የለም። ከሥር ደግሞ አዲስ ጽሑፍ፣ ሁለት መስመር፣ ከዚህ በፊት ያላየሁት።

መጀመሪያ የተሰማኝ ንዴት ነው። ያለ እኔ? ያን ሁሉ ጊዜ የለፋሁበትን? ቀጥሎ መብራቱ ፈራ ተባ ሲል ደነገጥኩ፤ ከጠፋ ጽሑፉም ይሄዳል። ከዚፕ ካርቶን ላይ አንድ ቁራጭ ቀደድኩና ፊደሉን አንድ በአንድ፣ እንደ አንደኛ ክፍል ተማሪ ምላሴን አውጥቼ ገለበጥኩት። የመጨረሻዋን ፊደል እንደጨረስኩ መብራት ሄደ።

ካርቶኗን ይዤ ፎቶ ኮፒ ቤት ገባሁ። በመብራቱ ምክንያት ሥራ ቆሟል፤ አንድ ባለጉዳይ ጥግ ላይ ተቀምጦ ይጠብቃል። ካርቶኗን ሰጠኋት። ሁለቱን መስመሮች አየች፤ ከዚያ ዓይኗን ከካርቶኗ ላይ አንስታ፣ እኔን እያየች፣ ቀስ ብላ እንዲህ አለችኝ፦

“‘ብዙ ጠበቅኩህ። እጅህ ላይ እንዳለ አውቅ ነበር፤ በራስህ ጊዜ ትሰጠኛለህ ብዬ ነው ዝም ያልኩት። አሁን ግን ያለ እሱ መኖር ለመድኩ። መንገድህን ቀጥል።’”

የጨዋታው ብልጠት ገረመኝ። ከረጢታችን ውስጥ ያለውን እንዴት አወቀ? ደግሞ በሁለት መስመር ይህን ሁሉ ማለቱ፤ ፈረንጅ መቼም ቃል አያባክንም ብዬ አደነቅኩ። ከዚያ የሚቀረኝን ጠየቅኳት።

“ሽልማቱስ? ወርቅ አልሰጠችውም?”

እንደዚያ አድርጋ አይታኝ አታውቅም።

“ዳቦ ነው የሰጠችው” አለችኝ።

ለዚህ ሁሉ ልፋት ዳቦ ብዬ ሳቅኩ። ጥግ ላይ ያለውም ባለጉዳይ ሳቀልኝ። እሷ ካርቶኗን መለሰችልኝና መብራት እስኪመጣ ጠረጴዛዋን ማስተካከል ጀመረች።

በነጋታው ልነግራት ቆርጬ ነበር። በነጋታው ሥራ በዛብኝ ብላ ቀረች፤ በማግስቱም፣ ከዚያም ወዲያ። አረፋ አለፈ፣ ሽማግሌዎቹ መጡ፣ ኒካሁ ታሰረ። ሰርጓ ላይ ሐጂና እኔ አንድ ገበታ ቀረብን፤ እሳቸው ይቺ ልጅ እኮ ለአንተ ነበረች የምትሆነው ብለው ሥጋ አጎረሱኝ። ጉርሻው ጉሮሮዬ ላይ ቀረ፤ ውኃ አምጡለት ተባለ። ወንድሜ ከዱባይ ሲመለስ ጌሙን አጠፋና ዚፕ መመዝገቢያ አስገባበት።

ከብዙ ዓመት በኋላ ፎቁ ሊፈርስ ነው ተብሎ ዕቃችንን ስናወጣ ያቺን ካርቶን ከአሮጌ ናሙናዎች ሥር አገኘኋት። እስከዚያ ድረስ እኔም ሰው ሆኜ ነበር፤ ከቻይና ፋብሪካዎች ጋር ስጻጻፍ፣ አንዱን ጭነት ከሌላው ሳምታታ፣ እንግሊዝኛውን በግድ ለምጄዋለሁ። በሩ ላይ ተሸካሚዎቹ ይጠብቁኛል። ቆሜ አነበብኳት፦

“አመሰግናለሁ፣ መንገደኛ። ይህን ዳቦ ውሰድ።”

ሌላ የለም። ያስቀረሁት ፊደል ይኖር ይሆን ብዬ ገለበጥኳት፤ ጀርባዋ ላይ የዚፕ ቁጥር ብቻ ነው ያለው። እንደገና አነበብኩ። ከዚያ አንድ የተቋጠረ ጆንያ ላይ ቁጭ አልኩና ተሸካሚዎቹን ትንሽ ቆዩ አልኳቸው።

የዳቦውን ነገር እውነቱን ነግራኛለች። የቀረውን ሁሉ ያለችኝ ራሷ ናት፤ ፊት ለፊቴ ቆማ፣ ዓይን ዓይኔን እያየች፣ በምሰማው ቋንቋ። እኔ ደግሞ ስለ ወርቅ ጠየቅኳት።