ውሸታችንና የፈረንጆቹ ካሜራ

በደርግ ጊዜ ሃያ ሁለት አካባቢ የእንግሊዝኛ አስተማሪ ነበርኩ። አስተማሪ ስላችሁ ግስ አስረባለሁ እንጂ ከፈረንጅ ጋር አውርቼ አላውቅም። ታዲያ አንድ ቀን ሁለት ፈረንጆች ካሜራ ተሸክመው ሰፈራችን ሊመጡ ነውና አስተርጓሚ ሆነህ ቅረብ ተባልኩ። ቀበሌ ያዘዘውን ደግሞ ማን እምቢ ይላል!

የመጡት ስለ ጎረቤቴ ልጅ ሞት ዘጋቢ ፊልም ሊሠሩ ነው። ልጁ አውሮፓ ለትምህርት ሄዶ፣ ሂትለርን የሚያመልኩ ጎረምሶች ጥቁር በመሆኑ ብቻ መንገድ ላይ ደብድበው ገደሉት። ፈረንጆቹ ገዳዮቹ ያደጉበትን ከተማ ቀርጸው ጨርሰው፣ እሱ ያደገበትን ሰፈር ለማየት ነው እኛ ዘንድ የዘለቁት።

ችግሩ እናቱ፣ እኛ እትዬ የምንላቸው፣ ይህን አያውቁም። የእድር ሽማግሌዎች በማለዳ መርዶ ሲነግሯቸው እውነቱ ከበዳቸውና መኪና ገጨው አሉ። የኛ ሰፈር ወጥ ሲያር እንኳ እስከ ላምበረት የሚያወራ ሰፈር ነው፤ በዚህ ግን አፉን ይዞ ከረመ። እኔንም «መኪና» ብለህ ተርጉም ብለው አስማሉኝ።

በቀረጻው ዕለት የእድሩ ዳኛ የሰርግ ሱፋቸውን ለብሰው፣ ካሜራው በዞረ ቁጥር ወንበራቸውን ይዘው አብረው ይዞራሉ። ከሁለቱ ፈረንጆች ሴቷ ልጅዎን የገደሉትን ቢያገኟቸው ምን ይሏቸዋል ብላ ጠየቀች። እኔ ሾፌሩን ቢያገኙት ብዬ ተረጎምኩ። እትዬም አስቦ አላደረገው፣ እግዜር ይቅር ይበለው አሉ። አንዱን ሾፌር ብዙ ቁጥር አድርጌ ስመልሰው ፈረንጇ እንባ ተናነቃት። እንዲህ ያለ ይቅር ባይ እናት አይታ አታውቅም።

ልቧ ስለተነካ ከቦርሳዋ የሦስት ጎረምሶች ፎቶግራፍ አውጥታ ለእትዬ ሰጠቻቸው። ሦስቱም ፀጉራቸውን ሙልጭ አድርገው ተላጭተዋል። እትዬም ለልጃቸው ሐዘን የተላጩት ፀጉር ገና አልበቀለም። ፎቶውን አይተው ከንፈራቸውን መጠጡ።

«ውይ የኔ ልጆች፣ ማን ሞቶባቸው ነው?»

መሐላው ቀረ። ማንም አልሞተባቸውም፣ የርስዎን ልጅ የገደሉት እነሱ ናቸው አልኳቸው። ዳኛው መሬት መሬት ማየት ጀመሩ።

እትዬ አልጮሁም። ሁሉንም ከመጀመሪያው ንገረኝ አሉኝ፤ ነገርኳቸው። ስጨርስ ፎቶውን ለፈረንጇ መለሱና ወደ ዳኛው ዞሩ።

«ድንኳኑን እንደገና ትከሉልኝ» አሉ። «እስካሁን ያለቀስኩት መኪና ለገጨው ልጅ ነው። የኔ ልጅ ገና አልተለቀሰለትም።»