በቢራ የጋገርኩት የጾም ዳቦ

ቅዳሜ መጋቢት 5 ቀን፣ ከምሽቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ከሩብ ገደማ፣ በቢራ የጋገርኩት ዳቦ ከቤታችን ወጥቶ ረመዳንን ወደሚጾሙ ጎረቤታችን ቤት ሄደ። ይዛው የሄደችው እናቴ ናት። ቢራ እንዳለበት አታውቅም። እኔ በዚያ ሰዓት ገላዬን እየታጠብኩ ነበር።

ዳቦውን የጋገርኩት ለራሴ ነው። የዕረፍት ቀኔ ነበር። እናቴ የአቦን በዓል ለማክበር በጠዋት ወጥታ፣ ከቤተ ክርስቲያን በዚያው ወደ ማኅበሯ አልፋለች። ዳቦ አማረኝ፤ የዳቦ ቤቱን ሰልፍ ሳስብ ደግሞ እግሬ እምቢ አለ። አብሮኝ የሚሠራ ፎቶ አንሺ አንድ የመስክ ጉዞ ላይ ያወራልኝ ዳቦ ትዝ አለኝ። እርሾ አይፈልግም፣ አይታሽም፣ አያድርም። ሦስት ኩባያ የፉርኖ ዱቄት፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር፣ ጨው፣ ትንሽ ስኳር፣ አንድ ጠርሙስ ቢራ። ቢራው ከቅበላ የተረፈ፣ ከፍሪጁ በር ላይ ማንም ያላነሳው ነበር።

ቢራውን ሳፈስበት ዱቄቱ ሽሽ ብሎ አረፋ አወጣ። በእንጨት ማንኪያ አማሰልኩት። የሚያጣብቅ ወፍራም ነገር ሆነ፤ እናቴ ብታየው ሊጥ ብላ አትጠራውም። ዘይት በቀባሁት መጋገሪያ ውስጥ ገልብጬ ኦቭን ውስጥ ከተትኩት። አንድ ሰዓት ያህል ቆይቶ ሲወጣ አናቱ ተሰንጥቆ፣ ጠርዙ ቡናማ ሆኖ ነበር። ቢላ ሰክቼ አወጣሁ፤ ቢላው ንጹሕ ነው። እንዲበርድ ጠረጴዛው ላይ ትቼው ወደ መታጠቢያ ቤት ገባሁ።

ስለ ጎረቤታችን ጥቂት መናገር አለብኝ። እኔ ከመወለዴ በፊት ጀምሮ የእናቴ ጓደኛ ናቸው። ባለቤታቸው ሽሮ ሜዳ ለሸማኔዎች ክር ይሸጡ ነበር፤ ባልየው ካረፉ ወዲህ ጎረቤታችን ከሴት ልጃቸው ጋር ከኛ ቤት ትንሽ ከፍ ብሎ፣ ወደ ቁስቋም በሚወጣው ኮረኮንች መንገድ ላይ ይኖራሉ። ሁለቱ ቤቶች ሰሃን ይላላካሉ። ሥጋ ግን ተልኮ አያውቅም፤ እኛ ያረድነውን እነሱ አይበሉም፣ እነሱ ያረዱትን እኛ አንበላም። ስለዚህ ከሰሃኑ ጋር ሁልጊዜ አንድ ቃል አብሮ ይሄዳል፦ “የጾም ነው።” ሥጋ የለበትም፣ ቅቤ የለበትም፣ ወተት የለበትም ማለት ነው። ይህ ከተባለ የሚቀጥል ጥያቄ የለም። ሁዳዴና ረመዳን በገጠሙባቸው በእነዚህ ዓመታት ደግሞ ሰሃኑ ዕረፍት የለውም። መጠጥን በተመለከተ ሁለቱ እናቶች ተነጋግረው አያውቁም። በእነሱ ዘንድ መጠጥ የሚጠጣ ነገር ነው፤ ማንም በሰሃን አድርጎ አይልከውም።

እናቴ በየረመዳኑ አንድ ቅዳሜ ድፎ ዳቦ ትወስድላቸዋለች። ዘንድሮ የእጇ አንጓ እያመማት ማቡካት አልቻለችም። ሳምንቱን ሙሉ “ያለ ዳቦ ረመዳን ሊያልፍብኝ ነው” ስትል ከርማለች። እኔም ሰምቼ ነበር፤ ከጠረጴዛው ላይ ካለው ዳቦ ጋር ግን አላገናኘሁትም።

የውጭው በር ሲከፈት ሰማሁ። ከዚያ ድምጿ በመታጠቢያ ቤቱ በር በኩል መጣ።

“አንተ! ይሄን ዳቦ ማን ጋገረው?”

“እኔ።”

“ውሸታም! ከየት ገዛኸው?”

“ወላዲቱን፣ እኔ ነኝ።”

“የጾም ነው?”

“አዎ፣ የጾም ነው።”

“እጅህ ይባረክ!” አለች፤ ሌላም ነገር ጨመረች፤ በውሃው ድምፅ ምክንያት አልሰማሁትም።

የመለስኩት ትክክል ነበር። እንቁላል የለበትም፣ ወተት የለበትም፣ ቅቤ የለበትም። የተጠየቅኩት ይህን ነው።

ስወጣ መጋገሪያው ባዶውን ተደፍቷል። አበባ ያለበት ትልቁ ሰሃን፣ ለሰው ቤት ብቻ የሚወጣው፣ ከመደርደሪያው ላይ የለም። የእናቴም ጫማ የለም። የት እንደሄደች ለማወቅ ሌላ መረጃ አላስፈለገኝም። ስልኳ ላይ ደወልኩ፤ አልጋዋ ላይ ጮኸ። የጎረቤታችን ልጅ ጋ ደወልኩ፤ አታነሳም። በመስኮት ሳይ ፀሐይ ልትገባ ነው። የመግሪብ አዛን ሊሰማ የቀረው ጊዜ ጥቂት ነው፤ እሳቸው ደግሞ አዛኑን ሰምተው የሚዘገዩ ሴት አይደሉም።

ራሴን ሳላደርቅ ጋቢ ደርቤ፣ በነጠላ ጫማ ወጣሁ። ጋዜጠኛ ነኝ፤ በሥራዬ አብዛኛውን ጊዜ ቦታው የምደርሰው ነገሩ ካለቀ በኋላ ነው። የሆነውን እጠይቃለሁ፣ እጽፋለሁ፣ እመለሳለሁ። አሁን ሳያልቅ መድረስ ነበረብኝ፤ ዳገቱ ደግሞ ከአርባ ዓመት በታች ላለ ሰው የተሠራ ነው። ቢራው በእሳት ይተናል የሚሉ አሉ። መንገድ ላይ ትዝ ብሎኝ ነበር። ግን ተነነ አልተነነ ብሎ መወሰን የእኔ ድርሻ አይደለም፤ አፉ የእሳቸው ነው።

የማዕዘኑ ባለሱቅ ከመስኮቱ ብቅ አለ።

“ኧረ ጋሼ! ቤት ተቃጠለ እንዴ?”

“አልተቃጠለም!”

“ታዲያ ምን ያስሮጥዎታል?”

“ዳቦ!”

“ዛሬማ አልቋል፤ ነገ በጠዋት ይምጡ!”

በራቸው ክፍት ነበር። ደጃፉ ላይ የእናቴ ጫማ ከሌሎቹ ጋር ተደርድሯል። የኔን ላወልቅ ጎንበስ ስል አዛኑ ጀመረ።

ዘልዬ ገባሁ። ምንጣፉ ላይ ሰፊ ትሪ ተቀምጧል፤ ተምር፣ ውሃ፣ በትልቅ ድስት ሾርባ፣ በወንፊት ላይ ዘይቱ የሚንጠባጠብ ሳምቡሳ። መሃል ላይ አበባ ያለበት ሰሃናችን። ዳቦው ተቆራርጧል። ልጃቸው ቢላውን ገና አላስቀመጠችም። እናቴ ትራስ ተደግፋ ተቀምጣለች። ጎረቤታችን በግራ እጃቸው የውሃ ብርጭቆ፣ በቀኝ እጃቸው ተምር ይዘዋል።

“ዳቦውን እንዳትበሉት!” አልኩ።

እናቴ ከላይ እስከ ታች አየችኝ። “ምነው? መርዝ አለው?”

“ቢራ አለው።”

“ማን ነው ቢራ ያለው?”

“ዳቦው፣ እማዬ። ያቦካሁት በቢራ ነው።”

እናቴ ነጠላዋን አፏ ላይ ያዘች። ልጃቸው ቢላውን እንደ ሞቀ ነገር ትሪው ላይ ለቀቀችው። ጎረቤታችን “ቢስሚላህ” ብለው ተምሩን በሉ፣ ውሃውን ሦስት ጊዜ ተጎነጩ፣ ብርጭቆውን አስቀመጡና ተነሡ።

“ጸሎቴን ላድርስ” አሉ። መስገጃቸውን ወደ ጥግ ወስደው አነጠፉ።

የሚሰግድ ሰው አይጠየቅም። ቁጭ ብዬ ሰሃኑን ወደ ራሴ ሳብኩ። ቁራጮቹን አንድ በአንድ አቆምኳቸውና የነበረውን ዳቦ መልሼ መሥራት ጀመርኩ። ስንጥቁ ከስንጥቁ ጋር ይገጥማል፤ ቡናማው ጠርዝ ይቀጥላል። በአንደኛው በኩል ግን የዳቦው ጫፍ የለም። የቢላ ሳይሆን የእጅ ነው፤ ተቆርሶ የተወሰደ።

“ጫፉ የት ሄደ?” አልኳት ልጃቸውን በሹክሹክታ።

“እኔ አልነካሁም። ስቆርጠውም እንዲህ ነበር።”

“ፍርፋሪ አልቀመስሽም?”

“ጾመኛ ነኝ እኮ!” አለች ተቆጥታ። “ተምር እንኳ ገና አሁን ነው አፌ የገባው።”

ወደ ጥጉ አየሁ። ጎረቤታችን በግንባራቸው ተደፍተዋል። አዛኑ ሳይሰማ ፍርፋሪ ወደ አፋቸው እንደማይሄድ አውቃለሁ። ቢሆንም ማወቅና ማረጋገጥ አንድ አይደለም። ከኋላዬ ጋቢዬ ተጎተተ።

“እኔ ነኝ” አለች እናቴ፤ ድምፅዋ አይሰማም ማለት ይቻላል።

“ምኑን?”

“ጫፉን። በራችን ላይ ቆርሼ ቀመስኩት።”

“ለምን?”

“አንተ ጋግረኸው? ይብሰል አይብሰል ሳላውቅ ሰው ቤት ይዤ ልሂድ?”

“ታዲያ ቢራ ቢራ አላለሽም?”

“እርሾው የበዛበት መስሎኝ ነው! ባለሙያ አይደለህ፣ አብዝቶበት ይሆናል አልኩ።”

ከዚያ በኋላ ትከሻዬ ምን ያህል ተሰብስቦ እንደነበር ያወቅኩት ሲወርድ ነው። ከጸጉሬ የሚወርደው ውሃ አንገቴ ውስጥ እየገባ እንደነበርም ያኔ ተሰማኝ።

ጎረቤታችን ወደ ቀኝ፣ ወደ ግራ ዞረው ሰላምታቸውን ሰጡና ከመስገጃው ሳይነሡ ወደ እኛ ዞሩ።

“ምንድነው ይሄ ሹክሹክታ? ሰላት ላይ ሆኜ ሁሉን ሰማሁ፤ አላህ ይቅር ይበለኝ።”

“እማማ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ማንም እንዳልቀመሰ እያረጋገጥኩ ነው።”

“ማንም? እናትህ ቀምሳለች አይደል?”

“እሷ…”

“እኔም እላለሁ!” አሉ ወደ እናቴ እየጠቆሙ። “ዛሬ ከገባሽ ጀምሮ አፍሽ አልዘጋ ብሏል። የማኅበርሽን ወሬ ሦስቴ ነገርሽኝ። ሰክረሽ ነው ለካ!”

ልጃቸው ፊቷን በሻርፗ ሸፍና ሳቀች። እናቴ ግን አልሳቀችም። ዓይኗ እንባ አቅርሯል።

“በሞትኩት” አለች። “በዚህ ዕድሜዬ፣ በጾምሽ፣ በእጄ…”

“ተይ እንግዲህ። ባልበላሁት ነገር ልታለቅሺብኝ ነው?” ተነሥተው መጡና አጠገቧ ተቀመጡ፤ ጉልበቷን መታ መታ አደረጉ። “ሳላውቅ ብበላው እኮ አላህ አይጠይቀኝም።” ወደ እኔ ዞሩ። “አውቆ ዝም ያለውን ነበር የሚጠይቀው። እሱ ደግሞ ራሱን እንኳ ሳያደርቅ መጣ። በል ተቀመጥ፤ ብርድ ሊመታህ ነው። ሾርባ ስጪው።”

“ሾርባው…” አለች ልጃቸው።

“ውይ፣ ሥጋ አለው፤ ተዪው። ሻይ ስጪው።”

ሻዩን ጠጣሁ። ልጃቸው ቢላውንና ትሪውን ወስዳ በሙቅ ውሃና በሳሙና አጠበች። ዳቦውን በጋቢዬ ጫፍ ጠቅልዬ ከአጠገቤ አስቀመጥኩት። ሰሃናችንንም አጥባ፣ አድርቃ፣ እናቷ ፊት አኖረችው። እሳቸው ሳምቡሳ ሞሉበት፤ በፎጣ ሸፈኑትና ለእናቴ ሰጧት።

“የጾም ነው” አሉ።

እናቴ ተቀበለች። ሌላ አልጠየቀችም።

ስንወጣ መሽቷል፤ ከላይ ከእንጦጦ የሚወርደው ነፋስ እርጥብ ጸጉሬን አገኘው። እናቴ ሰሃኑን በሁለት እጇ ይዛ ከፊቴ ትወርዳለች። ባለሱቁ መስኮቱ ላይ እንዳለ ነው።

“ጋሼ፣ ዳቦው ተገኘ?”

ጋቢዬን ገለጥ አድርጌ አሳየሁት።

“ሙሉውን?”

“ከጫፉ በስተቀር።”

እናቴ ዞር ሳትል “ዝም በል” አለችኝ። ትከሻዋ ግን ሲንቀጠቀጥ ከኋላ አየሁ፤ መጀመሪያ የምታለቅስ መስሎኝ ነበር። በራችን ጋ ስንደርስ ሳቋ ወጣ። ቆማ፣ ሰሃኑ እንዳይወድቅባት ደረቷ ላይ ለጥፋ፣ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች።

“ሰክረሽ ነው አለችኝ እኮ!”

ቤት ገብታ ነጠላዋን ሳታወልቅ ተቀመጠች። ፎጣውን ገልጣ አንድ ሳምቡሳ አነሣችና ገመጠች። ሌላውን ለእኔ አቀበለችኝ። መብራቱ ሥር ይዤው ሄድኩና ለሁለት ከፈልኩት።

ምስር ነበር።